ለጨለማ የተጻፈ ዜማ

፩. አሌፍ

«ቀጭኑ ድምፅ ላይመለስ ይችላል።»

ይህን ያለው ዶክተር በፍርዱ ነው፤ ያለውም እጁን እየታጠበ፣ ጀርባውን ለትርንጎ ሰጥቶ ነው። ክፉ ሰው ሆኖ አይደለም። ሐኪም ከባድ ነገር ሲናገር ዓይኑን የሚያሳርፍበት ቦታ ይፈልጋል፤ እሱ የእጅ መታጠቢያውን መረጠ።

ትርንጎ ጉሮሮዋ ላይ ያበጠውን በመዳፏ ሸፍና ተቀምጣለች። እንቅርት ነው። ስሙን ማሽሞንሞን አያስፈልግም። መጀመሪያ በጣት ካልዳሰሱት የማይታወቅ ነበር፤ ቀስ ብሎ ሎሚ አከለ፤ አሁን ደግሞ ወደ ውስጥ አድጎ የአየር ቧንቧዋን መግፋት ጀምሯል። በጀርባዋ ስትተኛ ያፍናታል። ስለዚህ መውጣቱ አይቀርም። ችግሩ፣ ከእንቅርቱ ጎን ክር የምታክል ነርቭ ታልፋለች፤ ድምፅን ሽቅብ የምትስበው እሷ ናት። በቀዶ ጥገናው ከተጎዳች ሰው መናገሩን ይናገራል፣ ልጁን ይጣራል፣ ከጎረቤቱም ይጨቃጨቃል። ወደ ላይ ግን መውጣት የለም።

«አብዛኛው ሰው ልዩነቱን እንኳን አያውቀውም» አለ ዶክተሩ። «ለመሆኑ ሥራሽ ምንድን ነው?»

«እዘምራለሁ።»

ዶክተሩ ውሃውን ዘግቶ ዞረ፤ ለመጀመሪያ ጊዜ ፊቷን አየ።


፪. ቤት

አንባቢዎቼ፣ አንድ ነገር ላስረዳችሁና ወደ ወሬያችን እንመለሳለን።

የጥንት አውሮፓውያን በሕማማት ሳምንት፣ ጀምበር ስታዘቀዝቅ፣ ፈራርሳ ስለቀረች ከተማ የተለቀሰ ልቅሶ በቤተ ክርስቲያን ይዘምሩ ነበር። ልቅሶው በዕብራይስጥ ፊደል ተራ የተደረደረ ነው፤ የመጀመሪያው አንቀጽ ላይ አሌፍ፣ ሁለተኛው ላይ ቤት፣ ሦስተኛው ላይ ጋሜል እያለ ይሄዳል። ጉዱ ያለው እዚህ ላይ ነው። ፊደሉን ዝም ብለው አያልፉትም፤ ይዘምሩታል። አንድ ሰው «ተራ ቁጥር አንድ» የሚለውን ይዞ በልቅሶ ዜማ ሽቅብ ቁልቁል ሲመላለስበት አስቡት። ቃሉ ምንም አይናገርም። እዚያ ላይ ያለው ድምፁ ብቻ ነው።

ሻማ ተደርድሮ ይበራል። አንድ ክፍል ተዘምሮ ባለቀ ቁጥር አንድ ሻማ ይጠፋል። በመጨረሻ አንዲት ብቻ ትቀርና እሷም ከመንበሩ ኋላ ትደበቃለች። አሠራሩ እንደየአገሩ ይለያያል፤ በዚህ ታሪክ ውስጥ የመጨረሻው ልቅሶ የሚዘመረው ሻማዋ ከተደበቀች በኋላ ነው።

የቄስ ትምህርት ቤት የቀመሳችሁ እነዚህን ፊደላት ከዳዊቱ ታውቋቸዋላችሁ። እኔም የትርንጎን ነገር በእነሱው ልቆጥር ነው። ሃያ ሁለት ናቸው፤ እስከ መጨረሻው አልደርስም።


፫. ጋሜል

ጋሽ ልሳነወርቅን ተዋወቁ። ሰባን አልፈዋል። በደርግ ጊዜ ሙዚቃ እንዲማሩ ምሥራቅ ጀርመን ተልከው፣ ሌላው ሰው ማርሽ ይዞ ሲመለስ እሳቸው የሦስት መቶ ዓመት በሽታ ይዘው መጡ። በሽታው እንዲህ ያደርጋል፦ የጥንት ዜማ በጥንቱ መሣሪያ፣ በጥንቱ አዘማመርና በጥንቱ ብርሃን ካልሆነ አልተዘመረም ያሰኛል። ስለ ፒያኖ ብትጠይቋቸው «ፒያኖ ትናንት የመጣ ነው» ብለው ይዘጉታል።

ሃርፕሲኮርድ የሚባለውን የፒያኖ ቅድመ አያት ሳሎናቸው ውስጥ ከአንድ አናጺ ጋር ሆነው ራሳቸው ሠሩት። ይህ መሣሪያ ክሩን በመዶሻ አይመታም፤ በላባ እሾህ ይቆነጥረዋል። ላባው ደግሞ የቁራ መሆን አለበት። ጋሽ ልሳነወርቅ ጠዋት ጠዋት ከዛፍ ሥር ጎንበስ ብለው የቁራ ላባ ሲለቅሙ ጎረቤት አይቶ ብዙ ነገር አውርቷል፤ እኛ አንደግመውም።

ናሁሰናይ የሚባል ወጣት ቪዮላ ዳ ጋምባ ይጫወትላቸዋል። በጉልበት መሀል ተይዞ በደጋን የሚገዘገዝ ትልቅ መሣሪያ ነው፤ ክሩም እንደ በገና ከበግ አንጀት ይሠራል። ታዲያ በሁዳዴ እኩሌታ ወፍራሙ ክር ተበጠሰና ልጁ አንጀት ፍለጋ ሥጋ ቤት ለሥጋ ቤት ዞረ። ሁሉም ዝግ። በመጨረሻ አንድ ሙስሊም ባለ ሥጋ ቤት «የናንተ ሰው ሥጋውን እንኳን ሲሸሽ አንተ አንጀት?» ብሎ ስቆ በነፃ ሰጠው። አጠበው፣ ጠመዘዘው፣ መኝታ ቤቱ ውስጥ ወጥሮ አደረቀው። ሽታው እስከ ሆሳዕና አልለቀቀም።

ሦስተኛዋ ትርንጎ ናት። ለእንጀራዋ መዋዕለ ሕፃናት ታስተምራለች። ወጣት ሆና በየባንዱ ስትፈተን «ድምፅሽ ቀጭን ነው፤ መድረክ አይሞላም» እየተባለች ተመልሳለች። ጋሽ ልሳነወርቅ አንድ ሠርግ ላይ ስታዜም ሰሟትና ሙሽሮቹን ትተው ወደ እሷ መጡ። «ይህን ድምፅ ስጠብቅ አረጀሁ» አሏት። ሰው እንዲህ ተብሎ እንዴት ይረሳል?


፬. ዳሌጥ

(ጋሽ ልሳነወርቅ በየልምምዱ ለትርንጎ የሚሉት፣ አንድ ላይ ሲሰበሰብ።)

ድምፅሽን አታርገብግቢው። የዛሬ ዘፋኞች በሽታ ነው።

ቀጥ አድርገሽ አውጪና ተይው። ራሱ ያልቃል።

አታልቅሺ። የምታለቅሰው ከተማዋ ናት፤ አንቺ የእሷን ልቅሶ ታደርሻለሽ እንጂ አትጨምሪበት።

ፊደሉ ላይ አትቸኩዪ። የምትሄጂበት የለም።

በስልክ መቃኘቱን ተዪ። ያን ጊዜ ከተማ ሁሉ የየራሱ ቅኝት ነበረው። የከተማው ኦርጋን ከፍ ካለ ከፍ ብለው፣ ዝቅ ካለ ዝቅ ብለው ይዘምራሉ። ያለውን መስማት ነው።

ተንፍሺ።

ተንፍሺ።

(የመጨረሻው ሁለቴ የተጻፈው በስህተት አይደለም። ከገና ወዲህ ሳይሰለቹ ይሏታል። ትንፋሿ ለምን እንዳጠረ አያውቁም፤ አልነገረቻቸውም።)


፭. ሄ

ልቅሶውን ለሕማማት ሊያቀርቡበት በተፈቀደላቸው በካቶሊክ ሲስተሮች ጸሎት ቤት፣ ልምምድ ላይ፣ የተባለው እንደተባለ፦

ጋሽ ልሳነወርቅ፦ ፈረንሳይ አገር ይህን የሚዘምሩት ሴት መነኮሳት ነበሩ። ከፍርግርግ በስተኋላ ሆነው።

ትርንጎ፦ ሕዝቡ አያያቸውም?

ጋሽ ልሳነወርቅ፦ ድምፃቸውን ይሰማል። መልካቸውን ምን ሊያደርግለት?

ናሁሰናይ፦ ማን እንደዘመረ በምን ይታወቃል ታዲያ?

ጋሽ ልሳነወርቅ፦ አይታወቅማ።

ትርንጎ፦ እኔም እንደዚያ ልሁን።

ጋሽ ልሳነወርቅ፦ ፍርግርጉን ከየት አባቴ ላምጣልሽ?

ትርንጎ፦ ሻማዋ ስትደበቅ ጨለማ አይደል? የመጨረሻውን በዚያ ጨለማ ልዘምረው። ወረቀት አያስፈልገኝም፤ በቃሌ ይዤዋለሁ።



ጋሽ ልሳነወርቅ፦ አየህ ናሁሰናይ፣ እሷ ገብቷታል።

እሳቸው ስለ ታሪክ የምታወራ መስሏቸው ደስ አላቸው። እሷ የምታወራው ስለ አንገቷ ነበር።


፮. ዋው

ትርንጎ ክረምት ከበጋ ሻርፕ ታደርጋለች። የሚያውቋት ሁሉ «ዘፋኝ ጉሮሮዋን ከብርድ ትጠብቃለች» ብለው አመኑ፤ ጋሽ ልሳነወርቅማ ለሌሎች ምሳሌ ያደርጓታል። እውነቱን የምታውቀው ታላቅ እህቷ እታፈራሁ ብቻ ናት፤ ሐኪም ቤት ያመላለሰቻትም እሷ ናት።

«ንገሪያቸው እንጂ» አለቻት እታፈራሁ።

«አልነግራቸውም፣ እትዬ። ከነገርኳቸው ያዝኑልኛል። ካዘኑልኝ ደግሞ አያርሙኝም።»

«ጉድ እኮ ነው። ቀዶ ጥገናው አንሶ ደግሞ በባዶ ሆድ ስግደት፣ ከዚያ ዝማሬ። በእንቅርት ላይ ጆሮ ደግፍ ይላሉ ይኼ ነው» አለችና ወዲያው አፏን ያዘች። ተረቱ ያለ ቦታው ገብቶ፣ ወይም ልክ ቦታው ገብቶ ነበር። ቀድማ የሳቀችው ትርንጎ ናት።

«እሺ» አለች እታፈራሁ ሳቁ ሲበርድ፣ «ቢያንስ በስልኬ ልቅረጽሽ። አንድ ነገር ይቅርልን።»

«ጋሽ ልሳነወርቅ መቅረጽ ክልክል ነው ብለዋል። ያን ጊዜ መቅጃ አልነበረም።»

«ያን ጊዜ ሚኒባስም አልነበረም። በምን ሊመጡ ነው፣ በበቅሎ?»

ትርንጎ ፈርታ ነበር። በደንብ ፈርታ ነበር። መሞትን አልፈራችም፤ ዶክተሩም ስለ ሞት አላነሳም። የፈራችው ከቀዶ ጥገናው ነቅታ፣ ጤነኛ ሆና፣ ሰው ሁሉ እንኳን ለዚህ አበቃሽ እያላት፣ ያ ድምፅ ሳይኖር ቤቷ መግባትን ነው። ከእሷ ሌላ ለማንም የማይጎድል ነገር ሊጎድልባት ነው።


፯. ዛይ

አሁን ኩምሳን ላስተዋውቃችሁ፤ ከእሱ ሌላ በስሙ የሚጠራ አዲስ ሰው አይመጣባችሁም።

ኩምሳ የጸሎት ቤቱ ዘበኛ ነው። በዋዜማው፣ ሁሉም ለመጨረሻው ልምምድ ተሰብስበው ሳለ፣ እንደ ልማዱ መብራት ሄደ። ጋሽ ልሳነወርቅ በዚያ ሰዓት ሃርፕሲኮርዱን እየቃኙ ነበር፤ ከስልሳ በላይ ክር አለው፣ በጨለማ አይቃኝም። ጠበቁ። ጄኔሬተሩ አልተነሳም። ጠበቁ። ወጥተው ሲያዩ ኩምሳ በሩ ላይ ተቀምጦ ሬዲዮ ያዳምጣል።

«አንተ ሰው፣ መብራት መሄዱን የሚነግርህ መልአክ ነው የምትጠብቀው?»

«ይመጣል ብዬ ነው፣ ጋሽዬ። አንዳንዴ ቶሎ ይመጣል።»

«ነገ ሰው ይሞላል። ፈረንጅም ይመጣል። ነገ ይህ ቤት ሲጨልም እንዲህ እግርህን ዘርግተህ እንዳላገኝህ።»

«ነገ አያገኙኝም» አለ ኩምሳ። ከልቡ ነው ያለው። የተቆጡት ትልቅ ሰው ናቸው፣ የተቆጡትም በሲስተሮቹ ፊት ነው፤ ኩምሳ ደግሞ ስሙ እንዲነሳ የማይፈልግ ሰው ነው። ያን ማታ ነዳጅ ሞላ።


፰. ሔት

አስተውሉ፤ እዚህ ላይ ሰው ሁሉ ልክ ነበር።

ጋሽ ልሳነወርቅ በጨለማው ውስጥ ምንም ድምፅ እንዳይኖር ፈለጉ። አጠገብ ካለው ወጥ ቤት የሲስተሮቹ ማቀዝቀዣ ያንጎራጉራል። «ይህ ፍሪጅ በየትኛው ክፍለ ዘመን ነው የሚዘምረው?» አሉ። ናሁሰናይ ፈጣን ልጅ ነው፤ በማግስቱ ሰው ከመግባቱ በፊት ቆጣሪው ጋ ሄዶ የግቢውን ዋና ማጥፊያ ዘቅዝቆ አጠፋው። ፍሪጁ ዝም አለ። መብራቱም አብሮ ጠፋ፤ ሻማው በቃ። የየክፍሉን ማብሪያ ግን ማንም አልነካውም፤ ሁሉም እንደበራ ነው፤ ጄኔሬተሩም የራሱ መስመር ስላለው በዋናው ማጥፊያ አያልፍም።

ለኩምሳስ ማን ነገረው?

ማንም።

ጋሽ ልሳነወርቅ ናሁሰናይ የነገረው መሰላቸው። ናሁሰናይ ሲስተሮቹ። ሲስተሮቹ ደግሞ የጥንት ሙዚቃ ነገር ከእነሱ እውቀት በላይ ስለሆነ ባለሙያዎቹ የነገሩት መሰላቸው።


፱. ጤት

የሕማማት ረቡዕ፣ አመሻሹ ላይ።

ሰው ከተጠበቀው በላይ መጣ። ሲስተሮቹ፣ የሙዚቃ ተማሪዎች፣ ጥቂት የኤምባሲ ፈረንጆች፣ እታፈራሁ ከመሥሪያ ቤቷ ያስከተለቻቸው ሴቶች። ሁለተኛው ረድፍ ላይ ነጠላ ያጣፉ አንድ ሽማግሌ ልጃቸው አስከትላቸው መጥተው ተቀምጠዋል፤ ምን ሊሰሙ እንደመጡ የሚያውቁ አይመስሉም። እታፈራሁ ቦርሳዋን ጭኗ ላይ አድርጋለች። ቦርሳው ውስጥ ስልኳ ይቀርጻል። ክልክል ማለት ለእሷ ምክር ማለት ነው።

ቪዮላው ዝቅ ብሎ ገባ፤ ሃርፕሲኮርዱ ተከተለ። ትርንጎ ሻርፗን እንዳደረገች አሌፍ ብላ ጀመረች።

ሽማግሌው ቀና አሉ። «አሌፍ አለች እኮ» አሉ ለልጃቸው፣ ሹክ ያሉ እየመሰላቸው።

ክፍሉ አልቆ አንዲት ሲስተር የመጀመሪያውን ሻማ ስታጠፋ ሽማግሌው ይጠብቃሉ። ትርንጎ አፏን ሳትከፍት እሳቸው «ቤት» አሉ። ሰው ሳቀ፤ በሕማማት ሳቅ ነውር ነውና አፉን ይዞ ሳቀ። ቀጣዩ ላይ ግን ሽማግሌው ብቻቸውን አልነበሩም፤ ከወዲያም ከወዲህም ከንፈሮች ጋሜል ሲሉ ትርንጎ አየች። ጋሽ ልሳነወርቅ ይህን ከየትኛውም መጽሐፋቸው አላገኙትም፤ ግንባራቸውን ቢቋጥሩም አላስቆሟቸውም።

ሻማዎቹ ተራ በተራ ሄዱ።


፲. ዮድ

ሲስተሯ የመጨረሻዋን ሻማ አንስታ ከመንበሩ ኋላ ወሰደቻት።


ጨለማ።


ትርንጎ ሻርፗን ፈታች። ከገና ወዲህ እንዲህ ያለ ትንፋሽ ደረቷ ገብቶ አያውቅም፤ አየሩ ያለ ከልካይ ወረደ። ሻርፑን ሃርፕሲኮርዱ ላይ አኖረችው። ማንም አያያትም፤ እሷም ማንንም አታይም። የመጨረሻው ሊሆን ይችላል ብላ አሰበች፣ ከዚያም ይህን ማሰብ ተወች። ፊደሉን ይዛ ሽቅብ ጀመረች።

ወጣች።

ደግሞ ወጣች።

ቀጥ ያለ፣ ያልተርገበገበ፣ ክር የመሰለ ድምፅ። ጋሽ ልሳነወርቅ በጨለማ እየተጫወቱ ዓይናቸውን ጨፈኑ፤ ለምን እንደጨፈኑ እንጃላቸው።


፲፩. ካፍ

ኩምሳ በሩ ላይ ቆሟል። አልተቀመጠም፤ ሬዲዮም አልከፈተም። የጸሎት ቤቱን መስኮት ሲያይ ነው ያመሸው። ብርሃኑ ቀስ በቀስ ሲደክም አየ፤ «ኃይሉ ወርዷል» አለ ለራሱ። መስኮቱ ድርግም ሲል አንዲት ደቂቃ አላባከነም።


ድ ድ ድ


ድድድድድድ


ድድድድድድድድድድድድድድድድድድድድድድድድ


ብርሃን።


፲፪. ላሜድ

አምፖል ሁሉ በራ። የኮርኒሱም፣ የግድግዳውም፣ ከመንበሩ በላይ ያለው ትልቁም።

ሰው ሁሉ አየ። መጀመሪያ ዓይኑን አሸ፣ ከዚያ ትርንጎን አየ፣ ከዚያ አንገቷን አየ። አንዲት ሴት «ውይ፣ እናቴን» አለች በለሆሳስ። ናሁሰናይ ደጋኑን አነሳ። ጋሽ ልሳነወርቅ ቀና ብለው ሲያዩዋት እጃቸው ከመሣሪያው ላይ ወረደ፤ ያን ሁሉ ወር ትንፋሿ ለምን እንዳጠረ አሁን ገባቸው።

ትርንጎ ፊደሉ መሀል ላይ ናት። ሻርፑ አንድ ክንድ ያህል ይርቃል። ልታነሳው ከፈለገች ማጎንበስ አለባት፤ ካጎነበሰች ትንፋሹ ይቆረጣል። ሲናገሩት ረጅም ይመስላል፤ ለእሷ ግን ዓይን እስኪርገበገብ አልቆየም።

አላነሳችውም።

አንገቷን ቀና አድርጋ፣ እንደተራቆተ፣ ቀጠለች። ግን ከምን ጋር ትቀጥል? ሁለቱም መሣሪያዎች ዝም ብለዋል፤ ያለው የጄኔሬተሩ ማጉረምረም ነው፣ እሱም ከያዘችው ድምፅ ጋር አይገጥምም፤ ጥቂት ከፍ ይላል። ሰማችው። ድምፅዋን በስሱ ከፍ አድርጋ ማጉረምረሙ ላይ አሳረፈችውና ዜማውን ከዚያ ተነስታ ዘመረችው። ናሁሰናይ ጆሮውን አዘንብሎ አዳመጠ፣ ጣቱን ክሩ ላይ ትንሽ አሸሸ፣ ገባላት። ሃርፕሲኮርዱ ግን ክሩ አንዴ ከተቃኘ ተቃኝቷል፤ መከተል አይችልም። ስለዚህ ጋሽ ልሳነወርቅ እጃቸውን ጭናቸው ላይ አድርገው፣ እንደ ሕዝቡ፣ ዝም ብለው ሰሙ።

ለጨለማ የተጻፈው ልቅሶ እንዲህ በብርሃን አለቀ። ጎበዝ ነበረች። ይህን የምለው እኔ ብቻ አይደለሁም፤ በዚያ ክፍል ውስጥ የነበረ ሁሉም ይለዋል።


፲፫. ሜም

ጭብጨባ አልነበረም፤ ሕማማት ነው። ሰው እጁንም አይጨባበጥ፣ አይሳሳምም፤ እየመጣ አንገቱን ሰበር አድርጎላት ወጣ። ሽማግሌው ብቻ ጠጋ ብለው «እግዚአብሔር ይማርሽ ልጄ» አሏት፤ ለድምፁም ለአንገቱም ሆኖ ተሰማት።

ኩምሳ እጁን በጨርቅ እየጠረገ በሩ ላይ ታየ። ላብ አልቦታል፣ ፊቱ ግን በርቷል።

«ዛሬስ ደረስኩ አይደል፣ ጋሽዬ?»

ናሁሰናይ አፉን ሊከፍት ሲል ጋሽ ልሳነወርቅ ክንዱን ያዙት።

«ደርሰሃል» አሉ። «ተባረክ።»

ከዚያ ወደ ትርንጎ ዞሩ። ሻርፑን ከሃርፕሲኮርዱ ላይ አንስተው ሰጧት፤ እሷም ተቀብላ እጇ ላይ ጠቀለለችው እንጂ አላደረገችውም።

«የሚወጣው መቼ ነው?»

«ከፋሲካ በኋላ ባለው ሳምንት።»

«ድምፁስ?»

«ላይመለስ ይችላል ተብያለሁ።»

«ተንፍሺ እያልኩ ስጮህብሽ ከረምኩ እኮ» አሉ። እንደ ወትሮው ቢሆን ይስሟት ነበር፤ ሳምንቱ ስለከለከላቸው እንደ ሌላው ሰው አንገታቸውን ሰበር አደረጉላት።


፲፬. ኖን

የእታፈራሁ ስልክ ቀርጿል። ጄኔሬተሩን አሳምሮ ቀርጿል። ትርንጎ ከበስተጀርባ፣ ከሩቅ፣ በስሱ ትሰማለች፤ ለዚያውም ጆሮን አስጠግቶ ነው።

በዓሉ አልፎ ሰው ቅቤውንና ዶሮውን ከጨረሰ በኋላ ጋሽ ልሳነወርቅ እነትርንጎ ቤት መጡ። እንኳን አደረሳችሁ አሉ፣ ተሳሳሙ፣ ተቀመጡ። ከከረጢታቸው ያወጡት ግን ዳቦ አልነበረም፤ ከሬዲዮ ጣቢያ የለመኑት መቅረጫ ከነማይክሮፎኑ ነበር።

የተባለው እንደተባለ፦

ትርንጎ፦ ይሄ ምንድን ነው?

ጋሽ ልሳነወርቅ፦ ዛሬ እንቅረጽሽ። ጸሎት ቤቱን ለምኛለሁ፤ ፍሪጁንም አጠፋለሁ፤ ለኩምሳም ራሴ ነግሬዋለሁ።

ትርንጎ፦ ያን ጊዜ መቅጃ አልነበረም ብለው አልነበር?

ጋሽ ልሳነወርቅ፦ ያን ጊዜ ገደል ይግባ።

(እታፈራሁ ይህን ስትሰማ ከወጥ ቤት ወጥታ በሩ ላይ ቆመች።)

ትርንጎ፦ አይሆንም፣ ጋሽዬ።

ጋሽ ልሳነወርቅ፦ ለምን?

ትርንጎ፦ ዛሬ ብዘምር ስንብት ነው የሚሆነው። ድምፄ ውስጥ ይገባል። እርስዎ ራስዎ ልቅሶ አትጨምሪበት ሲሉኝ ኖረው፣ አሁን ለራሴ እያለቀስኩ ሊቀርጹኝ?

ጋሽ ልሳነወርቅ፦ ባይመለስስ?

ትርንጎ፦ ያን ጊዜ ወፍራም ድምፅ ያላቸው ሴቶች አልነበሩም?

ጋሽ ልሳነወርቅ፦ ነበሩ።

ትርንጎ፦ ምን ዘመሩ?

ጋሽ ልሳነወርቅ፦ እፈልጋለሁ። ለከርሞ እፈልግልሻለሁ።

እዚህ ላይ እንደ ጀግና ሴት አድርጌ ብተዋት ውሸት ይሆንብኛል። ጋሽ ልሳነወርቅ መቅረጫውን ይዘው ከወጡ በኋላ እህቷ ጭን ላይ ተደፍታ አለቀሰች። «ልጥራቸው? ገና መንገድ አልተሻገሩም» አለቻት እታፈራሁ። ትርንጎ ጭንቅላቷን ነቀነቀች፤ እታፈራሁ አዎን ይሁን አይ መለየት ስላቃታት ከተቀመጠችበት አልተነሳችም።


፲፭. ሳምኬት

የታካሚ ስም፦ ትርንጎ አስፋወሰን

የሚደረገው ሕክምና፦ የእንቅርት ቀዶ ጥገና

ሊያስከትል የሚችለው ጉዳት፦ መድማት፣ ማመርቀዝ፣ የድምፅ ለውጥ

ተነግሮኛል፣ ገብቶኛል፣ ተስማምቻለሁ፦ (ፈርማለች)



ከቀዶ ጥገናው በማግስቱ ጠዋት ዶክተር በፍርዱ አልጋዋ አጠገብ መጥቶ ቆመ። እታፈራሁ ራስጌዋ ተቀምጣ እጇን ይዛለች። ጋሽ ልሳነወርቅ ባርኔጣቸውን አውልቀው በሩ ላይ ቆመዋል፤ ግቡ ቢባሉም አልገቡም።

«በሰላም ወጥቷል» አለ ዶክተሩ። ዛሬ ዓይኗን እያየ ነው የሚናገረው። «ነርቯን አይቻታለሁ፤ አልቆረጥኳትም። ግን እብጠቱ ላይ ተጣብቃ ስለነበር ስናላቅቃት ተስባለች። ተርፋ እንደሆነ ዓይን አያውቀውም።»

ትርንጎ በእጇ ምልክት ጠየቀችው። ከነቃች ጀምሮ አንድ ቃል አልተናገረችም፤ እታፈራሁ «ውሃ?» ስትላት ራሷን ነቀነቀች፣ «አመመሽ?» ስትላት ዓይኗን ጨፈነች። አቅቷት አይደለም። አልሞከረችም።

«አሁን ድምፅ አውጪ» አለ ዶክተሩ። «ዝቅ ብለሽ ጀምሪና የቻልሽውን ያህል ወደ ላይ ሂጂ። የፈለግሽውን በይ፤ ስምሽንም ቢሆን።»

ስሟን ብትል ይበቃ ነበር። ግን ስሟን ብትል እታፈራሁ ስሟን ሰምታ ደስ ይላታል፤ ሌላ ቃል ብትልም ቃሉን ይሰሙላታል። እሷ የፈለገችው እንደ ፊደሉ ምንም የማይል ነገር ነው። ምራቋን ዋጠች፤ አመማት። በሩ ላይ የቆሙት ሽማግሌ ትንፋሻቸውን እንደያዙ አየች።

አፏን ከፈተች።


፲፮. ዔ